ከካሜራው ጀርባ የመጣው ዲሬክተር፦ የጆርጅ ስቲቨንስ ሕይወትና ሥራ

የፊልም ሥራ የብዙ እጆች ሥራ ነው። ከእነዚህም እጆች መካከል የካሜራማኑ እጅ ሁልጊዜ ከሌላ ሰው ሐሳብ በስተኋላ የሚንቀሳቀስ ነው። ደራሲው ይጽፋል፤ ዲሬክተሩ ያዝዛል፤ ተዋናዩ ይታያል፤ ካሜራማኑ ግን ስሙ በመጋረጃው ላይ ለጥቂት ሴኮንድ ብልጭ ብሎ የሚጠፋ ባለሙያ ነው። ከዚህ ሥፍራ ተነሥተው ወደ ዲሬክተርነት የተሻገሩ ሰዎች በየአገሩ አሉ። ብዙዎቹ ከተሻገሩም በኋላ ካሜራማን እንደ ሆኑ ይቀራሉ፤ ብርሃኑና ጥላው ሲያምር ትረካው ይደርቅባቸዋል። አሜሪካዊው ጆርጅ ስቲቨንስ ከእነዚህ ይለያል። ካሜራውን በሕይወቱ ሁለት ጊዜ ይዞታል፤ መጀመሪያ በወጣትነቱ እንጀራ ፍለጋ፣ ሁለተኛ ደግሞ ዝናውና ሀብቱ ከተሟላለት በኋላ በጦር ሜዳ። በዚህ በሁለተኛው ጊዜ ያየው ነገር ቀሪ ዘመኑንና ሥራውን ለውጦታል።

ስቲቨንስ የተወለደው እ.ኤ.አ. ዲሴምበር 18 ቀን 1904 ካሊፎርኒያ ውስጥ በኦክላንድ ከተማ ነው (በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። አባቱ ላንደርስ ስቲቨንስና እናቱ ጆርጂ ኩፐር ሁለቱም የመድረክ ተዋንያን ነበሩ፤ የራሳቸውንም የቴአትር ቡድን ይመሩ ነበር። ልጁ ከመጋረጃው ጀርባ አደገ፤ አልፎ አልፎም በሕፃን ሚና መድረክ ላይ ይወጣ ነበር። ይሁን እንጂ የሲኒማው መስፋፋት የየከተማውን ቴአትር ተመልካች እያሳጣው በመምጣቱ፣ ቤተሰቡ በ1920ዎቹ መጀመሪያ እንጀራው ወዳለበት ወደ ሎስ አንጀለስ ተዛወረ። ጆርጅ ትምህርቱን አቋርጦ በ17 ዓመቱ ገደማ የካሜራማን ረዳት ሆኖ ተቀጠረ። የወላጆቹን ሙያ የነጠቀው ማሽን ለእሱ መተዳደሪያ ሆነ ማለት ነው።

በዚያ ዘመን የካሜራ ረዳት ሥራ ሸክም ነው። ከባዱን ካሜራና ባለሦስት እግሩን ማቆሚያ በትከሻ ተሸክሞ ተራራ መውጣት፣ ጥሬ ፊልሙን በጨለማ መሙላት፣ ሌንሱን ከአቧራ መጠበቅ የእሱ ድርሻ ነበር። ስቲቨንስ በሃል ሮች ስቱዲዮ ውስጥ «ብላክ ሳይክሎን» (1925) እና «ዘ ዴቭል ሆርስ» (1926) በተባሉት፣ ሬክስ የተባለ ፈረስ ዋና ተዋናይ በሆነባቸው ፊልሞች ላይ በካሜራ ሠራ። ፈረስ የዲሬክተር ትእዛዝ አይሰማም፤ ካሜራማኑ ቦታውን አስቀድሞ መርጦ፣ ብርሃኑን አይቶ መጠበቅ ብቻ ነው የሚችለው። ሰፊ ሜዳና የሩቅ ተራራ በአንድ ምስል ውስጥ እንዴት እንደሚቀመጡ የተማረው እዚያ ነው። ይህን ትምህርት ከሃያ አምስት ዓመት በኋላ በ«ሼን» ፊልም ላይ እንመለስበታለን።

ስሙን በስቱዲዮው ውስጥ ያስነሣው ግን ሌላ ነገር ነው። የዚያ ጊዜው ተራ ጥሬ ፊልም ለሰማያዊ ቀለም ከመጠን በላይ የሚነቃ፣ ለቀይ ደግሞ ፈጽሞ የማይነቃ ነበር። በዚህ የተነሣ ቀይ ከንፈር ጥቁር፣ ሰማያዊ ሰማይ ነጭ ሆኖ ይወጣል። እንግሊዛዊው የኮሜዲ ተዋናይ ስታን ሎረል ዓይኖቹ ፈዛዛ ሰማያዊ ስለ ነበሩ በመጋረጃው ላይ ብሌን የሌለው ዓይነ ሥውር ይመስል ነበር፤ ዓይኑ የማይታይ ሰው ደግሞ ማሳቅ አይችልም። መፍትሔው ለቀለማት ሁሉ የሚነቃውን ፓንክሮማቲክ የተባለውን አዲስ ፊልም መጠቀም ነበር። በስቱዲዮው ውስጥ ይህን መፍትሔ ለሎረል አምጥቷል ተብሎ የሚመሰገነው ወጣቱ ስቲቨንስ ነው። አንድ ተዋናይ ዓይኑን አገኘ፤ ዓለምም ሎረልና ሃርዲን አገኘ ቢባል ብዙ ማጋነን አይሆንም።

ከ1927 ጀምሮ ስቲቨንስ የእነዚህ የሁለቱ ኮሜዲያን ቋሚ ካሜራማን ከሚባሉት አንዱ ሆነ። «ፑቲንግ ፓንትስ ኦን ፊሊፕ»፣ «ዘ ባትል ኦቭ ዘ ሴንቸሪ»፣ «ቱ ታርስ»፣ «ቢግ ቢዝነስ» እሱ ያነሣቸው ናቸው። በመጨረሻው ፊልም ሁለቱ ሰዎች በካሊፎርኒያ ፀሐይ የገና ዛፍ እያዞሩ ይሸጣሉ፤ አንድ ደንበኛ ዛፋቸውን ቢቆርጥባቸው እነሱ ቤቱን ማፍረስ ይጀምራሉ፤ እሱም መኪናቸውን ይበታትናል። አንዱ ሲያፈርስ ሌላው በመቋቋም ፈንታ ቆሞ ያያል፤ ከዚያ ተራው ይደርሰዋል። ከእነዚህ ሰዎች በፊት የነበረው የአሜሪካ ኮሜዲ ሩጫና ግርግር ነበር፤ የሎረልና ሃርዲ ግን ዝግታ ነው። ለካሜራማኑ ይህ ማለት ወደ ኋላ ራቅ ብሎ መቆም፣ የሚመታውንም የሚመለከተውንም በአንድ ምስል መያዝ፣ ከሁሉም በላይ ደግሞ ቶሎ አለማቋረጥ ማለት ነው። ሰው ከተመታ በኋላ የሚያሳየው ፊት ከምቱ ይበልጣል። ይህ ዕውቀት ስቲቨንስን እስከ ዕለተ ሞቱ አልተለየውም።

ወደ ዲሬክተርነት የተሻገረው በ1930 ነው። ሃል ሮች «ዘ ቦይ ፍሬንድስ» የተባሉትን አጫጭር ኮሜዲዎች እንዲመራ ሰጠው። ከዚያ ወደ ዩኒቨርሳል፣ ቀጥሎም ወደ አር.ኬ.ኦ. ስቱዲዮ አለፈ፤ የመጀመሪያውን ረጅም ፊልም በ1933 ሠራ። እነዚህ ዓመታት በፍጥነትና በርካሽ የሚሠራባቸው ስለ ነበሩ ብዙ የሚነገርላቸው የለም።

በ1935 ግን፣ ገና የ30 ዓመት ሰው ሳለ፣ ካትሪን ሄፕበርን የተጫወተችበትን «አሊስ አዳምስ» እንዲመራ ተመረጠ። አሊስ የድኻ ቤት ልጅ ናት፤ አንድ የሀብታም ልጅ ስለ ወደዳት ቤተሰቡ ያለውን ሁሉ አሰባስቦ እራት ይጋብዘዋል። ሌሊቱ ወበቅ ነው፤ የሚቀርበው ሾርባ ትኩስ ነው፤ ለአንድ ምሽት የተቀጠረችው ሠራተኛ ሥራው ሰልችቷታል፤ የአባትየው የደረት ሸሚዝ እየፈነጠረ ይወጣል። አሊስም በዚህ ሁሉ መካከል ምንም እንዳልሆነ ፈገግ እያለች ታወራለች። ነገሩ በሙሉ የሎረልና ሃርዲ ነው፤ ዝግታው፣ አንዱ ጥፋት ሌላውን መከተሉ፣ ካሜራው ሳያቋርጥ መጠበቁ። ልዩነቱ እዚህ ላይ ተመልካቹ እየሳቀ የልጅቱ ኀፍረት የሚያመው መሆኑ ነው። በአንድ ምሽት እራት ውስጥ ኮሜዲውን ወደ ሰው ሕመም ያሸጋገረ ዲሬክተር ከዚያ በኋላ ሥራ አያጣም፤ ስቲቨንስም አላጣም።

«ስዊንግ ታይም» (1936) የፍሬድ አስቴርና የጂንጀር ሮጀርስ ጭፈራ ነው፤ ከሁለቱ ፊልሞች ሁሉ የላቀ ነው የሚሉ ብዙ ናቸው። የመጨረሻው ጭፈራ ከ40 ጊዜ በላይ ተደጋግሞ መነሣቱና የተዋናይቱ እግር መድማቱ በሙያው ታሪክ ውስጥ የሚተረክ ነው። «ጉንጋ ዲን» (1939) ከዚህ ሁሉ በገንዘብ የገነነው ነው። በሕንድ ስላሉ የእንግሊዝ ወታደሮች የሚተርከው ይህ ፊልም የተነሣው ካሊፎርኒያ ውስጥ በሎን ፓይን ኮረብታዎች ሲሆን፣ ወጪው ወደ 2 ሚሊዮን ዶላር ተጠግቶ የስቱዲዮውን ሹማምንት እንቅልፍ ነሥቷል። የውጊያው አቀራረጽ ዛሬም ትምህርት ይሆናል። ነገር ግን የአገሬው ሰው በዚህ ፊልም ውስጥ ወይ ታማኝ ሎሌ ወይ ጨካኝ ነፍሰ ገዳይ ነው፤ ሌላ ዕጣ አልተሰጠውም። የቅኝ ገዥ ጦር አገሩን ሲረግጥ ያየ ሕዝብ ይህን ፊልም እንደ ጨዋታ ሊያየው አይቻለውም፤ የዲሬክተሩም ችሎታ ይህን ጉድለት አይሸፍንለትም።

ከዚያ በኋላ በ1942 «ውመን ኦቭ ዘ ይር»ንና «ዘ ቶክ ኦቭ ዘ ታውን»ን፣ በ1943 «ዘ ሞር ዘ ሜሪየር»ን አወጣ። ሦስቱም የበሰሉ ኮሜዲዎች ናቸው፤ የመጨረሻው በጦርነቱ ጊዜ ዋሽንግተን ላይ ስለ ነበረው የመኖሪያ ቤት ችግር የሚቀልድ ነው። ይህ ፊልም ለተመልካች በቀረበበት ጊዜ ስቲቨንስ የወታደር ልብስ ለብሶ ሄዷል።

ለዚህ ውሳኔ ያበቃው አንድ ፊልም ነበር። በ1942 ጀርመናዊቷ ሌኒ ሪፈንሽታል ስለ ናዚ ፓርቲ ጉባኤ የሠራችውን «የፈቃድ ድል» የተባለውን ፊልም ለማየት ዕድል አገኘ። የሙያ ሰው ስለ ነበር የካሜራውን ጥበብ ከማንም በላይ ተረዳ፤ ያስደነገጠውም ይኸው ነው። እሱ ሰውን ለማሳቅ የሚጠቀምበት ዕቃ እዚያ ሰውን ለማንበርከክ ውሏል። በቀጣዩ ዓመት መጀመሪያ፣ በ38 ዓመቱ፣ ከፍተኛ ደመወዙንና ቤተሰቡን ትቶ በሻለቃ ማዕርግ ወደ ጦሩ የመገናኛ ክፍል ገባ። በመጀመሪያ በሰሜን አፍሪካ፣ በግብፅና በኢራን ተዘዋወረ፤ እዚያ ያገኘው ፍሬ ጥቂት ነው። ቀጥሎም ለንደን ላይ የልዩ ቀረጻ ክፍል የተባለውን ቡድን እንዲመራ ታዘዘ። ካሜራማኖቹ ዊሊያም መለርና ጆሴፍ ባይሮክ፣ ደራሲዎቹ ዊሊያም ሳሮያን፣ ኧርዊን ሾውና አይቫን ሞፋት በሥሩ ነበሩ።

ጁን 6 ቀን 1944 ስቲቨንስ ቤልፋስት በተባለችው የእንግሊዝ የጦር መርከብ ላይ ሆኖ የኖርማንዲን ጠረፍ ማጥቃት ተመለከተ። በኦገስት 25 ቀን ከጄኔራል ለክሌር ጦር ጋር ፓሪስ ገባ። የክረምቱን ጦርነት በቤልጂክ አየ፤ በኤፕሪል 1945 የአሜሪካና የሶቪየት ወታደሮች በቶርጋው ሲገናኙ የቡድኑ ካሜራዎች በኤልበ ወንዝ ዳር ነበሩ። በዚህ ጉዞ ሁሉ ሁለት ዓይነት ፊልም ይነሣ ነበር። አንደኛው ለጦሩ የሚላከው ባለ 35 ሚሊሜትር ጥቁርና ነጭ ነው። ሁለተኛው ስቲቨንስ ለራሱ ባለ 16 ሚሊሜትር ኮዳክሮም ላይ ያስቀረው የቀለም ፊልም ነው። ጦርነቱን በጥቁርና ነጭ ለለመደ ዓይን የዚህ የቀለም ፊልም ሰማይ መሰማየቱና የወታደሩ ፊት መቅላቱ ራሱ ያስደነግጣል፤ ነገሩ በታሪክ መጽሐፍ ውስጥ ሳይሆን ትናንት የተፈጸመ ይመስላል።

በዚያው ወር ኖርድሃውዘንን፣ ቀጥሎም ኤፕሪል 29 ቀን ነፃ የወጣውን የዳካውን የእስረኞች ማጎሪያ ካምፕ አዩ። በባቡር ሐዲዱ ላይ የቆሙት ፉርጎዎች በሬሳ የተሞሉ ነበሩ። በካምፑ ውስጥ በሕይወት ያሉትና የሞቱት እርስ በርሳቸው ተቀላቅለው ተኝተዋል፤ ተስቦው ከነፃነት በኋላም ሰው ይገድል ነበር። ስቲቨንስ በኋላ ዓመታት ሲናገር ከሁሉ የከበደበት ያየው ሳይሆን በራሱ ውስጥ ያገኘው ነው። በረሃብ ያለቀ፣ ቅማል የወረሰው እስረኛ እጁን ሲዘረጋለትና ሲይዘው ርኅራኄ ሳይሆን መጸየፍ ተሰማው፤ ያ መጸየፍ የጠባቂዎቹም ስሜት እንደ ነበረ ወዲያው ገባውና በራሱ ደነገጠ።

እዚህ ላይ የካሜራማኑ ሙያ ሌላ ጥያቄ ይገጥመዋል። ሃያ ዓመት ሙሉ የተማረው ምስልን ማሳመር ነው፤ መብራት መጨመር፣ አስቀያሚውን ከምስሉ ዳር ማስወጣት፣ ሲያስፈልግም ቆርጦ መቀጠል። በዳካው ይህ ሁሉ ጥበብ ወንጀል ይሆናል። ፊልሙ ማስረጃ ነውና፣ አንዲት የተቀጠለች ወይም የተመቻቸች ምስል ብትገኝበት ሌላው ሁሉ ይረክሳል። ስለዚህ ካሜራው በዝግታ ከሬሳው ወደ ፉርጎው፣ ከፉርጎው ወደ ካምፑ በር ሳያቋርጥ መዞር አለበት። ይህን መጠበቅና አለማቋረጥ ስቲቨንስ በሎረልና ሃርዲ ፊት ሆኖ የተማረው መሆኑን ማሰብ ይከብዳል፤ ግን እውነት ነው።

ለኑረምበርግ የጦር ወንጀለኞች ችሎት የቀረበው ፊልም ከ80,000 ጫማ ተመርጦ የተዘጋጀ 6,000 ጫማ ርዝመት ያለው ሲሆን፣ አንድ ሰዓት ያህል ይወስዳል። ሌተና ኮሎኔል ስቲቨንስ ፊልሙ ያልተለወጠና ያልተነካካ መሆኑን በመሐላ አረጋገጠ፤ የመሐላ ቃሉም በፊልሙ መጀመሪያ ላይ ይታያል። ኖቬምበር 29 ቀን 1945 ፊልሙ በችሎቱ ታየ። አዳራሹ ሲጨልም በተከሳሾቹ ሣጥን ላይ ትንንሽ መብራቶች በርተው ስለ ነበር ፊታቸው ይታይ ነበር። ከተከሳሾቹ አንዳንዱ ዓይኑን ሸፈነ፤ ሻኽት ጀርባውን ለመጋረጃው ሰጠ። በዚህ ሰው ሕይወት ከታዩት ፊልሞች ሁሉ በተመልካች ቁጥር ትንሹ፣ በተመልካቾቹ ማንነት ግን ተወዳዳሪ የሌለው ይህ ነው። ችሎቱ በታኅሣሥ ወር ያየውን፣ ናዚዎች ራሳቸው ካነሡት ፊልም የተቀነባበረውን ሌላ ማስረጃም በበላይነት ተቆጣጥሯል።

ወደ ሆሊውድ ሲመለስ ወዳጆቹ የሚያውቁትን ሰው አላገኙም። ከፍራንክ ካፕራና ከዊሊያም ዋይለር ጋር ሊበርቲ ፊልምስ የተባለውን ኩባንያ አቋቋመ፤ ኩባንያው ግን ብዙ ሳይቆይ ለፓራማውንት ተሸጠ። ለእሱ የሚመጡለት የኮሜዲ ድርሰቶች ነበሩ። እሱም አንዱንም አልተቀበለም። በ1948 ስለ አንዲት የኖርዌይ ስደተኛ እናት የሚተርከውን «አይ ሪሜምበር ማማ» ሠራ፤ ነገሩ እሱ በተወለደበት አካባቢና በልጅነቱ ዘመን የሚፈጸም ነው። ፈገግ የሚያሰኝ ነገር ቢኖረውም፣ የቀድሞው ዓይነት ኮሜዲ ከዚያ በኋላ ከእጁ አልወጣም።

ቀጥሎ የመጡት ሦስት ፊልሞች ዝናውን የተከሉ ናቸው። «ኤ ፕሌስ ኢን ዘ ሰን» (1951) ከቴዎዶር ድራይዘር ልብ ወለድ የተወሰደ ነው፤ አንድ ድኻ ወጣት የሀብታሟን ልጅ አግኝቶ ያረገዘችለትን የፋብሪካ ሠራተኛ ለመግደል ያስባል። ካሜራማኑ ከጦሩ ቡድን አብሮት የመጣው ዊሊያም መለር ነበር። ሞንትጎመሪ ክሊፍትና ኤልሳቤጥ ቴይለር በሚሳሳሙበት ቦታ ሁለት ካሜራ ረጅም ሌንስ ተገጥሞላቸው ፊታቸው መጋረጃውን እስኪሞላ ተጠጉ፤ አገጭና ግንባር ከምስሉ ይወጣል። ይህን ያህል መቅረብ በዚያ ጊዜ ድፍረት ነበር፤ ተመልካቹ ፍቅሩን የሚያየው ከውጭ ሆኖ ሳይሆን ከውስጥ ነውና። በተቃራኒው ሠራተኛይቱ የምትታየው ከሩቅ፣ በጨለማ፣ አንዳንዴም ጀርባዋን ሰጥታ ነው። ማን እንደሚወደድና ማን እንደሚጣል ካሜራው ከዳኛው በፊት ፈርዷል። ፊልሙን ለማቀናበር ከዓመት በላይ ወሰደበት፤ አንዱ ምስል በሌላው ውስጥ ቀስ ብሎ እየሟሟ የሚያልፍባቸው ቦታዎች ዛሬ ለጀማሪ አቀናባሪዎች የሚታዩ ናቸው። ስድስት የኦስካር ሽልማት ሲያገኝ አንደኛው የዲሬክተሩ፣ አንደኛው የመለር ነበር።

ይህ ፊልም ገና በቅንብር ላይ ሳለ የሆነው ነገር፣ በሙያ ማኅበር ውስጥ ለሚሠሩ ሁሉ ሊታወቅ የሚገባው ነው። ጊዜው በአሜሪካ እያንዳንዱ አርቲስት በኮሚኒስትነት የሚጠረጠርበት ነበር። በ1950 የፊልም ዲሬክተሮች ማኅበር ፕሬዝዳንት ጆሴፍ ማንኪዊትዝ ውጭ አገር በነበረበት ወቅት፣ በሴሲል ደሚል የሚመራው የሥራ አመራር ቡድን እያንዳንዱ አባል የታማኝነት መሐላ እንዲፈርም አስወሰነ። ድምፁ የተሰጠው በምሥጢር ሳይሆን ሰው ሁሉ ስሙን በሚያሳውቅበት ወረቀት ነው። ማንኪዊትዝ ተመልሶ በተቃወመ ጊዜ እሱን ከፕሬዝዳንትነት ለማውረድ ሌላ ወረቀት ተዘጋጀ፤ ይህም የእሱ ደጋፊ ናቸው ተብለው ለታሰቡት ሳይላክ በጥድፊያ ለሌሎቹ ተሠራጨ። ሃያ አምስት አባላት ፈርመው ጠቅላላ ጉባኤ አስጠሩ።

ስቲቨንስ ቀደም ሲል ማኅበሩን በፕሬዝዳንትነት መርቷል፤ በዚያን ጊዜም የሥራ አመራሩ አባል ነበር። ንግግር የማያበዛ፣ ስብሰባ ላይ ዝም ብሎ የሚያዳምጥ ሰው እንደ ነበር የሥራ ባልደረቦቹ ይመሰክራሉ። ይህ ሰው ወደ ማኅበሩ ጽሕፈት ቤት ሄዶ ወረቀቶቹ በማን ትእዛዝ፣ በየትኛው ሰዓት፣ ለነማን እንደ ተላኩ አንድ በአንድ መረመረ። ኦክቶበር 22 ቀን 1950 በቤቨርሊ ሂልስ ሆቴል በተደረገው ረጅም ስብሰባ ላይ ያገኘውን ያለ ቁጣ ዘርዝሮ አቀረበ፤ ከሥራ አመራሩም መልቀቁን አስታወቀ። ደሚል የሃያ አምስቱን ሰዎች ስምና ትውልድ አንሥቶ ለመጠራጠሪያ ባቀረበ ጊዜ አዳራሹ ተነሣበት። ከእኩለ ሌሊት በኋላ ጆን ፎርድ ተነሥቶ ተናገረ፤ የሥራ አመራሩ በሙሉ ሥራውን ለቀቀ። ድሉ ግን ምሉዕ አልነበረም። ማንኪዊትዝ ራሱ ከጥቂት ቀን በኋላ አባላቱ መሐላውን እንዲፈርሙ ጠየቀ፤ የታማኝነቱም መሐላ በማኅበሩ ውስጥ ለዓመታት ቆየ። ስቲቨንስ ያዳነው የማኅበሩን ሥርዓት እንጂ የዘመኑን መንፈስ አይደለም።

«ሼን» (1953) በዋዮሚንግ ተራሮች ሥር የተነሣ የካውቦይ ፊልም ነው። ረጅም ሌንስ በመጠቀሙ ከሩቅ ያሉት ተራሮች ከገበሬው ጎጆ ጀርባ ቀርበው እንደ ግድግዳ ይቆማሉ፤ የፈረስ ፊልሞቹ ትምህርት እዚህ ፍሬ አፈራ። ነገር ግን የዚህ ፊልም ቁም ነገር ጥይቱ ነው። በዚያ ዘመን በካውቦይ ፊልም ሰው እንደ ዝንብ ይረግፋል፤ ልጆችም በየመንገዱ በመጫወቻ ሽጉጥ ይገዳደላሉ። ስቲቨንስ የጥይት ድምፅ ከተፈጥሮው እጅግ ልቆ እንዲሰማ አደረገ። አንድ ገበሬ ጭቃ ላይ ቆሞ ሲመታ፣ በወገቡ የታሰረ ሽቦ ወደ ኋላ አሽቀንጥሮ ይጥለዋል። አይወራጭም፣ የመጨረሻ ቃል አይናገርም፤ ጭቃው ላይ ወድቆ ይቀራል። ሬሳ አይቶ የማያውቅ ዲሬክተር እንዲህ አያደርግም ነበር። ፊልሙ የተነሣው በቀድሞው ጠባብ የመጋረጃ መጠን ሲሆን፣ በሚወጣበት ጊዜ ሰፊ መጋረጃ ፋሽን ስለ ሆነ ስቱዲዮው ከላይና ከታች ቆርጦ አሳየው። ምስሉን ጥንቅቅ አድርጎ ላስቀመጠ ሰው ይህ ምን ያህል እንደሚመር የሙያ ሰው ሁሉ ያውቀዋል። ቢሆንም ካሜራማኑ ሎያል ግሪግስ ኦስካር ተሸልሟል።

በ«ጃየንት» (1956) የቴክሳስ ባለ ርስቶችን ትዕቢትና በሜክሲኳውያን ላይ የሚፈጸመውን ንቀት አነሣ። ሲኒማስኮፕ የተባለውን እጅግ ሰፊ መጋረጃ አልቀበልም አለ፤ ሰው ረጅም እንጂ ሰፊ አይደለም ብሎ ያምን ነበርና። በፊልሙ መጨረሻ ሮክ ሃድሰን የሚጫወተው ባለ ርስት ሜክሲኳውያንን አላስተናግድም ካለ የምግብ ቤት ባለቤት ጋር ይደባደብና ይሸነፋል፤ በመሸነፉ ነው ሚስቱ የምታከብረው። ወጣቱ ጄምስ ዲን ሥራው ሊጠናቀቅ ጥቂት ሲቀረው፣ ሴፕቴምበር 30 ቀን 1955፣ በመኪና አደጋ ሞተ። ፊልሙ ለአሥር ኦስካር ታጭቶ ያገኘው አንዱን ብቻ ነው፤ እሱም የስቲቨንስ ሁለተኛው የዲሬክተርነት ሽልማት ነበር።

«የአን ፍራንክ ማስታወሻ» (1959) ወደ ዳካው መመለስ ነው። አባቷ ኦቶ ፍራንክ በምክር ረድቶታል፤ የተደበቁበት ቤት በስቱዲዮ ውስጥ ፎቅ በፎቅ ተሠራ። በዚህ ጊዜ ሲኒማስኮፑን ስቱዲዮው በግድ አስወሰደው። እሱና መለር ግን በምሰሶና በሣንቃ የምስሉን ግራና ቀኝ እየዘጉ ሰፊውን መጋረጃ አጠበቡት፤ የስቱዲዮው ትእዛዝ ተፈጸመ፣ የተደበቁት ሰዎችም ጭንቀት ታየ። ፊልሙ በመጀመሪያ የሚያልቀው ልጅቱ በማጎሪያ ካምፕ ውስጥ በምትታይበት ምስል ነበር። ለሙከራ ተመልካች ሲቀርብ ከበዳቸው፤ ተነሥቶም ወጣ። በኑረምበርግ አንዲት ምስል እንዳትነካ የማለው ሰው እዚህ የራሱን ምስል ቆረጠ። ትክክል ነበር ወይ የሚለው እስከ ዛሬ ያከራክራል፤ የተረፈው ፍጻሜ ከነበረው ይልቅ የለሰለሰ መሆኑ ግን አይካድም።

ከዚህ በኋላ ያለው ዘመን አጭር ነው። ስለ ክርስቶስ ሕይወት የሚተርከውን «ዘ ግሬተስት ስቶሪ ኤቨር ቶልድ» (1965) ለመሥራት ዓመታት ፈጀ። መለር በ1963 በሥራ ላይ ሳሉ በልብ ሕመም ሞተ፤ ግሪግስ ጨረሰው። ምስሉ ግርማ አለው፤ ነገር ግን በየትንሹ ሚና የታወቁ ተዋንያንን ፊት በማስገባቱ ተመልካቹ ከጸሎት ይልቅ ማንነታቸውን በመለየት ይጠመዳል። ያወጣውን ገንዘብም አልመለሰም። በዚያው ጊዜ «ኤ ፕሌስ ኢን ዘ ሰን» በቴሌቪዥን በማስታወቂያ እየተቆራረጠ እንዳይታይ ስቱዲዮውንና የቴሌቪዥን ድርጅቱን ከሰሰ። ፍርድ ቤቱ ማስታወቂያው የፊልሙን ጥራት እንዳያበላሽ በመጀመሪያ ቢያዝዝም፣ በመጨረሻ ስቲቨንስ አልቀናውም። የመጨረሻ ፊልሙ በ1970 ወጣ። ማርች 8 ቀን 1975 በላንካስተር፣ ካሊፎርኒያ በ70 ዓመቱ ዐረፈ።

ከሞቱ በኋላ ልጁ ጆርጅ ስቲቨንስ ታናሹ የአባቱን ዕቃ ሲመረምር፣ በማከማቻ ውስጥ ለሠላሳ ዓመት የተቀመጡትን የኮዳክሮም ጥቅሎች አገኘ። ኖርማንዲ፣ ፓሪስ፣ ቶርጋውና ዳካው በቀለም ነበሩ። በ1994 ከእነዚህ የተዘጋጀ ዘጋቢ ፊልም ታየ፤ ጥቅሎቹም በአሜሪካ ምክር ቤት ቤተ መጻሕፍት ይገኛሉ። በ2008 ይኸው ያልተቀነባበረ የጦርነት ፊልም ለትውልድ እንዲጠበቁ ከተመረጡት የአገሪቱ ፊልሞች መዝገብ ገባ። «ሼን»፣ «ጃየንት»ና «ኤ ፕሌስ ኢን ዘ ሰን» ከዚያ በፊት ተመዝግበው ነበር፤ በ24 ዓመቱ በካሜራማንነት ያነሣት የገና ዛፍ ሻጮቹ ኮሜዲ «ቢግ ቢዝነስ»ም እንዲሁ።